ኳሷን ነው የነካሁት

ጃንዋሪ 29

የሁለተኛው ዙር ልምምድ ዛሬ ተጀመረ። ወጌሻው ጉልበቴን እያሸ፣ «ጋሼ፣ ይሄን ጉልበት ከሙዚየም ነው ያወጣኸው?» አለኝ። መልበሻ ክፍሉ በሳቅ ተሞላ። እኔም ሳቅኩ። ሠላሳ ሦስት ዓመት ለአጥቂ እርጅና ነው፣ ለመሐል ተከላካይ ግን ገና ነው እያልኩ ራሴን አጽናናለሁ።

ከቬትናም ከተመለስኩ ስድስት ወር ሆነኝ። እዚያ ስምንት ዓመት ስጫወት ማታ ማታ እጽፍ የነበረው የማናግረው ሰው ስላልነበረኝ ነው። አሁን አገሬ ጂንጃ ነኝ። ሚስቴ ሮቢና አጠገቤ አለች። ሰው ሁሉ ቋንቋዬን ይናገራል። ግን ይኸው እጽፋለሁ።

እዚያ አሰልጣኙ ጮኾ ጮኾ ሲጨርስ አስተርጓሚው ወደ እኔ ዞሮ፣ «ጠንከር በል ይላል» ብቻ ይለኝ ነበር። የቀረው ምን እንደነበር አላውቅም። አለማወቁም ይመቸኝ ነበር። እዚህ አስተርጓሚ የለም። አሰልጣኝ ካግዋ የሚለው ሁሉ ይገባኛል።

ፌብሩዋሪ 6

ሀጂ ኪሩንዳ ልምምድ ሊያዩ መጡ። የክለባችን ሊቀመንበር ናቸው፤ ሸንኮራ የሚያመላልሱት ትልልቅ መኪኖች የእሳቸው ናቸው። ሜዳው ዳር ወንበር ወጥቶላቸው ሸንኮራ ይመጥጡ ነበር። የመጠጡትን እኛ የምንወድቅበት ሣር ላይ ይተፉታል።

«በሚቀጥለው ሳምንት ቶሮሮዎች ይመጣሉ» አሉ። «በቶሮሮ ተሸንፌ ከተማ ውስጥ የምሄድበት ፊት የለኝም። ያ ልጅ፣ ማነው ስሙ?»

«ኦፔንዲ» አላቸው ካግዋ።

«እሱ! እሱን የሚይዝ ሰው አለን?»

ሁሉም ወደ እኔ ዞረ። አባቱን አውቃቸዋለሁ አልኩ፣ ማለት ስላለብኝ። ሽማግሌው ሙዜ ኦኬቾ ስኳር ፋብሪካው ሰፈር ሳለን ኳስ ያስተማሩን ሰው ናቸው። የሰው ማሊያ እንዳልጎትት እጆቼን ወደ ኋላ በሸሚዝ አስረው ያጫውቱኝ ነበር። «እግሩን አትይ፣ ፊቱን አትይ፣ ኳሷን እያት» ይሉኝ ነበር። ተከላካይ ያደረጉኝ እሳቸው ናቸው።

ሀጂ አንገታቸውን ነቀነቁ። «ታውቀዋለህ ማለት ነው። ጥሩ።»

ያ «ጥሩ» አልጣመኝም።

ፌብሩዋሪ 15

አሸነፍን። አንድ ለዜሮ።

ኦፔንዲ ተጎዳ። በቃሬዛ ወጣ።

ኳሷን ነው የነካሁት።

ደክሞኛል።

ፌብሩዋሪ 16

እንቅልፍ እምቢ አለኝ፤ በዝርዝር ልጻፈው።

ልጁ የመጀመሪያውን ግማሽ አሳበደን። ሁለት ጊዜ ጥሎኝ አለፈ። በሁለተኛው ጊዜ፣ «ይቅርታ ጋሼ» ብሎኝ ነው ያለፈው። ሽሙጥ አልነበረም፤ ትከሻዬን ገጭቶኝ ስለነበር ነው። አባቱ እንደዚያ ነው ያሳደጉት።

በእረፍት ሰዓት ካግዋ እጅጌዬን ይዞ ወደ ሻወሩ ጎተተኝ።

«ያ ልጅ ጨዋታውን ከጨረሰ እኛ አለቀልን። ገባህ?»

«ምን ላድርግ?»

«እኔ ምንም አላልኩህም። ምን አልኩህ? ምንም። ቢበዛ ቢጫ ናት።»

ምንም አላለኝም። ይሄ እውነት ነው።

ሁለተኛው ግማሽ ሲጀመር ኳስ በመስመር በኩል ተላከችለት። እኔም ሮጥኩ። ግማሽ እርምጃ ቀድሞኛል። ግማሽ እርምጃ ምንም አይደለም፤ ሸርተቴ የተፈጠረው ለዚያ ነው። ገባሁ። ኳሷ ትንሽ ራቅ ብላ ነበር፣ ግን ትንሽ ነው። ጫፏን ነክቻታለሁ። ድምፁን ሁሉም ሰው ሰምቷል። ሸንኮራ ጉልበት ላይ ሲሰብሩት የሚወጣው ድምፅ ነው።

ከዚያ የእኛ ደጋፊ ጮኸ። ጎል የገባ ነው የመሰለኝ፣ ዞሬ የእነሱን መረብ አየሁ። ምንም የለም። የጮኹት ለዚያ ለተሰበረው ነው። በረኛችን ሮጦ መጥቶ አቀፈኝ፣ ጆሮዬ ላይ፣ «አንጀቴን አራስከው!» አለኝ። የአፉ ትኩሳት እስካሁን አንገቴ ላይ ያለ ይመስለኛል። ሁለቴ ታጠብኩ።

ቢጫ ካርድ አገኘሁ።

ፌብሩዋሪ 19

የሀጂ ሹፌር ቀንዳም ሙክት አምጥቶ ጓሮ አሰረልን። «ለጀግናዬ በሉት ብለዋል።» ሮቢና ከምታስተምርበት ትምህርት ቤት ስትመለስ አየችው።

«ይሄ ለምኑ ነው?»

«ለድሉ።»

«ጎሉን ያገባው ሴንዲ አይደል እንዴ? እሱ ጓሮም ሙክት ታስሯል?»

«እኔ አላርደውም፣ አላበስለውም» ብላ ገባች። ሙክቱ በግ መሆኑን ረስቶ ሌሊቱን ሙሉ እንደ ሰው ያቃስታል።

ፌብሩዋሪ 22

ዘፈን አወጡልኝ። ገበያ ውስጥ ሰማሁት። «ኢሳቢርዬ መጣ፣ ክራንችህን አምጣ» ይላል። አትክልት ሻጮቹ እያጨበጨቡ። አንዱ ሰውዬ ጎንበስ ብሎ ቅልጥሜን ዳበሰና ጣቱን ሳመ። ሞተረኛው ሂሳብ አልቀበልም አለኝ። ቤት ሲያደርሰኝ ግን፣ «በናትህ አንዴ ብቻ፣ ስትገባ እንዴት እንደነበር አሳየኝ» አለ። በሩን ዘግቼበት ገባሁ።

ኤፍኤሙ ደግሞ የስፖርት ሰዓቱ ሲጀምር የዚያን ጊዜውን የአስተላላፊውን ጩኸት መክፈቻ አድርጎታል። «ወየው! ወየው! ኢሳቢርዬ!» ከዚያ የስኳር ማስታወቂያ።

እነዚህ ሰዎች ምን ነካቸው? ኳሷን ነው የነካሁት፤ ኳስ ለነካ ሰው እንዲህ ይዘፈናል?

ፌብሩዋሪ 25

ካምፓላ ሄድኩ። ልጁ የተኛው እዚያ ነው። ከጉልበቱ በታች ብረት ከውጭ ተሰክቶበታል፣ በቆዳው ገብቶ ሲወጣ ይታያል። ብርቱካንና ጭማቂ ይዤ ነበር። የማስቀምጥበት ጠፍቶኝ እንደያዝኩ ቆምኩ።

ሙዜ ኦኬቾ ከወንበራቸው ተነሡልኝ። ለእኔ! ለመቀመጥ እንኳ ወገባቸውን የሚይዙ ሰው። «ቁጭ በል ልጄ። ከጂንጃ በምን መጣህ? ምሳ በልተሃል?» አሉኝ። እጄን በሁለት እጃቸው ያዙት።

«ሙዜ» አልኩ፣ «ኳሷን ነው የነካሁት።»

«እኔ እኮ አልጠየቅኩህም» አሉኝ።

በቁጣ አይደለም ያሉት። በዚያው ምሳ በልተሃል ባሉበት ድምፅ ነው። ኦፔንዲ ፊቱን ወደ ግድግዳው እንዳዞረ ነበር። ጆሮው ስር ጡንቻው ሲንቀሳቀስ አየሁ፤ አልተኛም።

አውቶቡስ ውስጥ ከጎኔ የተቀመጠችው ሴትዮ ሸንኮራ ትመጥጥ ነበር። ቦታ ቀየርኩ።

ማርች 4

ሮቢና እራት ላይ ነገረችኝ። ትምህርት ቤቷ ውስጥ ልጆቹ በእረፍት ሰዓት «ኢሳቢርዬ» የሚባል ጨዋታ ጀምረዋል። አንዱ ይሮጣል፣ ሌላው ይገባበታል፣ የወደቀው እንደ ኦፔንዲ ይጮኻል። በተራ በተራ ነው። «ዛሬ የአንዷ ክርን ወለቀ» አለች።

«ታዲያ እኔ ምን ላድርግ?»

«ምንም አላልኩህም» አለች።

ሰው ሁሉ ምንም አላለኝም።

ማርች 11

የዲሲፕሊን ኮሚቴው ፊት ቀረብኩ። ሦስት ሰዎች ናቸው፤ አንደኛው ሲያዛጋ ነበር። የቀረበው ቪዲዮ በስልክ የተቀረጸ፣ የአንድ ደጋፊ ጭንቅላት ግማሹን የሸፈነው ነው። ከዚያ ሰብሳቢው አንድ ወረቀት አነበቡ። የኦፔንዲ ፊርማ አለበት። «ተጫዋቹ ኳሷን ነው የነካው። ጉዳቱ በአጋጣሚ የደረሰ ነው።»

ሦስት ጨዋታ ቅጣት። ለአደገኛ አጨዋወት። አለቀ።

ራሱ መሰከረልኝ! ከእሱ በላይ ማን ሊመሰክር ነው? እግሩ የተሰበረው ሰው ኳሷን ነው የነካው ካለ፣ ሌላው ምን አገባው?

ለሮቢና ነገርኳት። «ደስ ይበልህ» አለችኝና ልብስ ልታጥብ ወጣች። ደስ ይበልህ የሚባለው ነገር እንዴት እንደ ስድብ ሊሰማ ይችላል?

ማርች 23

ሀጂ ጥብስ ቤት ጠሩን፤ ካግዋን፣ እኔን፣ ሁለት የማላውቃቸውን ነጋዴዎች። ቅጣቴ ማነሱን ለማክበር ነው አሉ። ስቡ በክርናቸው ይወርዳል። ከተጠበሰበት ስንጥር ላይ ትልቁን ሥጋ በጣታቸው ነቅለው መዳፌ ላይ አኖሩልኝ። «ብላ አንበሳዬ፣ ቅልጥምህ ይጠንክር!»

አንዱ ነጋዴ፣ «ልጁ ግን ትልቅ ሰው ነው፣ እውነቱን መሰከረ» አለ።

ሀጂ ሳቁ። ካግዋም ሳቀ፤ ከሀጂ በኋላ።

«የጻፈው ማን ይመስልሃል?» አሉ ሀጂ። «የኔ ጠበቃ ነው የጻፈው። ክለባቸው እኮ ሆስፒታል ጥሎት ነው የሄደው። አባትየው ጡረተኛ። እኔ አሳክመዋለሁ፣ አንተ ፈርም አልነው። ፈረመ። በሜይ ብረቱን አውጥተው ውስጥ የሚገባውን ያስገቡለታል፤ እሱንም እኔ ነኝ። ሰው ክፉ ይለኛል! ከእኔ በላይ ለዚያ ልጅ ማን ደረሰለት?»

ከጥብስ ቤቱ ጀርባ ሄጄ የበላሁትን ሁሉ አስመለስኩት። ስመለስ ካግዋ፣ «ምነው?» አለኝ። ሥጋው ነው አልኩት።

ያ የተነበበው ወረቀት ላይ የነበረው ዓረፍተ ነገር የኔ ነው። ቃል በቃል የኔ። ካግዋ ነው የነገራቸው መሰለኝ፤ በየቀኑ ስለው ሰምቷል። ልጁን በኔ አፍ አናገሩት።

ኤፕሪል 3

ቶሮሮ ሄድኩ። ለማንም አልተናገርኩም፤ ለሮቢና ብቻ። ብርድ ልብስ ሰጠችኝ፣ «ለአባትየው» ብላ።

ኦፔንዲ ጓሮ የጃክፍሩት ዛፍ ሥር ተቀምጦ እግሩን ጉቶ ላይ ሰቅሏል። ሙዜ ኦኬቾ ወንበር ሊያመጡ ሲገቡ ተጣድፌ ጀመርኩ። በመንገድ ላይ ስለማመደው ነበር የመጣሁት።

«ኦፔንዲ፣ አንድ ነገር ልነግርህ ነው የመጣሁት። ያን ቀን ኳሷ ሄዳ ነበር። እኔ ስገባ ኳሷ እዚያ አልነበረችም። አይቼ ነው የገባሁት።»

ትክ ብሎ አየኝ።

«ለኔ ነው የምትነግረኝ?» አለ። «ጋሼ፣ እግሩ እኮ የኔ ነው። እዚያው ነበርኩ።»

ብረቱን አየሁ።

«ሄደህ ለማያውቁት ንገር» አለኝ።

«ነገ እናገራለሁ። ኤፍኤም ሄጄ…»

«ነገ?» ከት ብሎ ሳቀ፤ ሳቁ አስደነገጠኝ። «ነገ ብትናገር ሀጂ ሜይ ላይ ያሳክሙኛል? ይሄን ብረት ይዤ ልቅር? ኅሊናህ እስከ ሜይ ይጠብቅ። ቀዶ ጥገናው ካለቀ በኋላ የፈለግከውን ተናገር። እስከዚያ አፍህን ዝጋና ተጫወት።»

ሙዜ ወንበሩን ይዘው በሩ ላይ ቆመው ነበር። ሁሉንም ሰምተዋል። ወንበሩን አስቀመጡልኝ። አልተቀመጥኩም። ብርድ ልብሱን ተቀብለው፣ «ሚስትህን አመስግንልኝ» አሉ። ልጄ አላሉኝም።

ኤፕሪል 12

ወደ ሜዳ ተመለስኩ። ስታዲየሙ ሙሉ ያንን ዘፈን ዘፈነ። እጄን አንሥቼ ሰላምታ ሰጠሁ። ካልሰጠሁ ሀጂ ይጠረጥራሉ። ሌላ ምክንያት የለኝም፣ እምላለሁ።

የተጋጣሚ አጥቂዎች አሁን እኔ ስመጣ ኳሷን ትተውልኝ ይሸሻሉ። በሕይወቴ እንዲህ ቀላል ጨዋታ ተጫውቼ አላውቅም። ጋዜጣው «የብስለት ብቃት» አለው። ቱ!

ኤፕሪል 27

ዛሬ ካግዋ ሻወር ቤት እንኳ አልወሰደኝም። በሁሉም ፊት፣ ታኬታዬን ሳስር፣ «ቁጥር አሥራቸውን እንደ ቶሮሮው» አለኝ። ልክ የማዕዘን ምት ላይ ማንን እንደምይዝ እንደሚነግረኝ። ልጆቹ አንገታቸውን ደፉ። አንዱም ቀና ብሎ አላየውም። እኔንም አላየኝም።

እምቢ ብል? ለምን ይላል። ለሀጂ ይነግራል። ሀጂ ስልክ ያነሣሉ። ቀዶ ጥገናው ሦስት ሳምንት ቀርቶታል።

ጨዋታው እንደተጀመረ ታፋዬን ይዤ ወደቅኩ። ምንም አልሆንኩም። ወጌሻው ዳብሶ ዳብሶ ዓይኔን አየኝ፤ ገብቶታል። «ጡንቻው ክፉኛ ተሳስቧል፣ ይውጣ» ብሎ ጮኸልኝ። እግዜር ይስጠው። ስወጣ አራቱም ማዕዘን ቆሞ አጨበጨበልኝ። በውሸት ሲገባ የተጨበጨበለት በውሸት ሲወጣም ይጨበጨብለታል።

የኔ ጀግንነት ይሄ ነው፤ መሬት ላይ ተንከባልዬ ታፋዬን ማሸት።

ሜይ 8

ከታፋዬ «አላገገምኩም»። ሜዳው ዳር ቆሜ ልምምድ አያለሁ። ካግዋ ባለፈው ሳምንት የሃያ ሁለት ዓመቱን ኪያንጋን እጅጌውን ይዞ ለብቻው ወሰደው። ሲመለስ ጠራሁት።

«ምን አለህ?»

«ምንም አላለኝም ጋሼ።»

«ስማኝ፣ ያለህን አውቃለሁ። አታድርገው።»

«አንተ አድርገኸው የለ እንዴ?» አለኝ። ሊሰድበኝ አይደለም፤ ጠየቀኝ። «ይኸው ይዘፈንልሃል።»

ቅዳሜ ኪያንጋ አልመታም። ፈራ፣ ወይም ሰማኝ፣ አላውቅም። ሁለት ለአንድ ተሸነፍን፤ ካግዋ የውሃ ላስቲክ ወረወረበት። ለመጀመሪያ ጊዜ በመሸነፋችን ደስ አለኝ። አውጥቼ ልናገረው ስላልቻልኩ እዚህ ልጻፈው።

ሜይ 18

የሙዜ ኦኬቾ መልእክት፦ «ከቀዶ ጥገና ወጣ። ደህና ነው።»

ለሮቢና አሳየኋት። «በል እንግዲህ» አለችኝ። ሸሚዜን ተኮሰችልኝ።

ሜይ 20

ኤፍኤም ሄድኩ። አቅራቢው እንግዳ በማግኘቱ ደስታውን አልቻለውም፤ ያንን «ወየው! ወየው!» ሁለት ጊዜ አስገባልኝ። ከዚያ ማይኩን ሰጠኝ።

ተናገርኩት። ካግዋ ያለኝን፣ ኳሷ የት እንደነበረች፣ ወረቀቱ እንዴት እንደተፈረመ። ለሦስት ወር የተሸከምኩት ነገር ሁለት ደቂቃ አልፈጀም። አቅራቢው ፊቱ ዓመድ መሰለ። የስኳር ማስታወቂያ አስገባ። ከዚያ የሚይዘውን ሲያጣ ስልክ ከፈተ።

የመጀመሪያው ደዋይ፦ «ኢሳቢርዬ፣ ቶሮሮዎች በስንት ገዙህ?»

ሁለተኛዋ ሴት ናት፣ አለቀሰች፤ ልጇ ኦፔንዲን ይወደዋል። ተቋረጠባት።

ሦስተኛው ጉሮሮው የጎረነነ ሰውዬ፦ «ስማ አንተ! እኔ ከመስመር ዳኛው ጀርባ ነበርኩ። በገዛ ዓይኔ አይቻለሁ። በእናቴ እምላለሁ፣ ኳሷን ነው የነካኸው!»

«ጌታዬ፣ እኔ እኮ ነኝ የገባሁት» አልኩት።

«አንተ ምን ታውቃለህ! ኳሷን ነው የነካኸው!»

አሥር ጊዜ ደገመው። የኔኑ ውሸት ከእኔ በተሻለ ያምንበታል። ሳቄ መጣ። በአየር ላይ ሳቅኩ፣ እንባዬ እስኪመጣ። አበደ ብለው ሳያወሩ አይቀሩም።

ሜይ 22

ክለቡ አሰናበተኝ። የሀጂ ሹፌር መጥቶ ሙክቱን ፈትቶ ወሰደ። ደልቦ ነበር፤ መኪናው ላይ ለመጫን ሁለት ሰው ረዳው። ሀጂ በሬዲዮ፣ «እኔ የአንድ ምስኪን ልጅ እግር አሳከምኩ፣ ሌላ የማውቀው የለም» አሉ። ካግዋ ስልኩን አያነሣም። በረኛችን፣ ያ ያቀፈኝ፣ ገበያ ውስጥ አይቶኝ መንገድ ተሻገረ። ወጌሻው ብቻ ጉልበት ማሻ ቅባት ላከልኝ፤ ምንም አልጻፈበትም።

ዘፈኑን ቀይረውታል። አዲሱን እዚህ አልጽፈውም።

ጁን 12

የኮሚቴው ውሳኔ ዛሬ ደረሰኝ። ጉዳዩ ውሳኔ ያገኘ ስለሆነ እንደገና አይታይም። ካግዋን የሚመለከት ነገር የለም። ሀጂን የሚመለከት ነገር የለም። እኔ ግን የስፖርቱን ክብር በመገናኛ ብዙኃን ስላጎደፍኩ ለአንድ ዓመት ታግጃለሁ።

ለእግሩ ሦስት ጨዋታ። ለአፌ አንድ ዓመት።

ሮቢና ሁለት ጊዜ አነበበችው። «እነዚህን ሰዎች ከየት ነው የሚሰበስቧቸው?» አለችና እህል አቀረበች። የበቆሎ ፖሾና ባቄላ። በላሁ። ከፌብሩዋሪ ወዲህ ሳህን ስጨርስ የመጀመሪያዬ ነው፣ ጨምሪልኝም አልኳት።

ማምሻውን ስልክ ተደወለ። ኦፔንዲ ነው። ድምፁን ለይቼ ለማወቅ ጊዜ ወሰደብኝ፤ እሱ ደውሎልኝ አያውቅም።

«ስንት ሰጡህ?»

«አንድ ዓመት።»

ከጀርባው ዶሮዎች ይሰማሉ፣ ሙዜ ኦኬቾ አንድ ሰው ላይ ይጮኻሉ፣ «ኳሷን! ኳሷን እያት!» እያሉ።

«ለኔም ሐኪሙ አንድ ዓመት ነው ያለኝ» አለ። «እኩል እንመለሳለን ማለት ነው። ያኔ እንተያያለን ጋሼ።»

ዘጋው። ዛቻ ይሁን ቀልድ አላወቅኩም። ነገ ጠዋት ልምምድ እጀምራለሁ።